ለገብርኤል የሰጠሁት የልጄ ጊታር

ይህን ነገር ለንስሐ አባቴ ተናግሬ ቀኖናዬን ፈጽሜያለሁ። ልጄም ይቅር ብሎኛል። እግዚአብሔር ይመስገን፣ ዛሬም በሕይወት አለ፤ ትናንት መድኃኒቴን መዋጤን ሊጠይቀኝ መጥቶ ነበር። ግን አንዳንድ ነገር ይቅር ከተባለም በኋላ ከሰው ውስጥ አይወጣም። ብዙ መጻፍ አላውቅም። የሆነውን እንደሆነ አስቀምጥላችኋለሁ።

ያኔ የምንኖረው ቦሌ፣ ዛሬ ሩዋንዳ ከሚባለው ሰፈር ወረድ ብሎ ነበር። ባለቤቴ የአውሮፕላን መካኒክ ነበር። እኔ አውሮፕላን ማረፊያው አጠገብ የወንበር ልብስ እሰፋ ነበር። ቤት ውስጥም የእጅ ስፌት መኪና ነበረችኝ፤ ከሥራ ስመለስ የጎረቤት ልብስ እሠራባታለሁ። አንድ ልጅ ሰጥቶናል፣ ዮናስ።

ጊታሩን የሰጠው አባቱ ነው። ወደ አገሩ ከሚመለስ ፈረንጅ የሥራ ባልደረባው ገዛለት። ቀይ ነው፤ በኤሌክትሪክ የሚሠራ፤ ጠርዙ ላይ ቀለሙ ትንሽ ተልጧል። ሲሰጠው፣ “ይሄ ያንተ ነው። ማንም አይነካብህም” አለው። እኔም እዚያው ቆሜ ሰምቻለሁ። በዓመቱ ባለቤቴ ዐረፈ።

ዮናስ የሚጫወተው ሮክ የሚሉትን ነበር። ለእኔ ጩኸት ነው። ኦሎምፒያ አካባቢ አንድ ሆቴል ውስጥ ከጓደኞቹ ጋር ይጫወት ነበር፤ ሰዓት እላፊው ሥራውን ቀነሰው፣ ከዚያ ባንዱ ተበተነ። እኔ በልቤ ተመስገን አልኩ። አሁን ደህና ሥራ ይይዛል ብዬ ነው።

የያዘው ሥራ ግን ሌላ ሆነ። ጋሽ መርዕድ የሚባል ፊልም ሠሪ ነበር። በአሮጌ ቮልስ የሚዞር፣ ሁልጊዜ ኪሱ ውስጥ የሩጫ ሰዓት የማይጠፋ ሰው። ለመሥሪያ ቤቶች አጫጭር ፊልም ይሠራል፤ ስለ ዝንብ፣ ስለ ጉድጓድ ውኃ፣ ስለ ጡት ማጥባት። ለሙዚቀኞች ቡድን የሚበቃ በጀት የለውም። ስለዚህ ሙዚቃውን በሙሉ ዮናስ ብቻውን፣ በአንድ ጊታር ይሠራለታል።

እቤታችን መጥቶ ፊልሙን በእጁ እየሳለ ይተርክለታል። “ዝንቡ ከሽንት ቤት ተነሣ፤ ሰባት ሰከንድ። የሕፃኑ እንጀራ ላይ አረፈ፤ አራት ሰከንድ። እናትየው አየችው! እዚህ ላይ አስደንግጠኝ።”

ዮናስ ክሩን ይጎትትና ዝንብ ያስጮሃል። አንድ ቀን ስፌቴን አቁሜ፣ “ይሄ ምንድን ነው?” አልኩ።

“ዝንቡ ነው፣ እማዬ።”

“ካለፈው የሆቴሉ ዘፈንህ እሱ ይሻላል።”

ጋሽ መርዕድ ከወንበሩ እስኪንሸራተት ሳቀ። “ሰማህ? ትችት ማለት ይሄ ነው!” አለ። ዮናስም ሳቀ። እኔ የምሬን ነበር።

አንድ ነገር ግን ልናገርለት። በጾም ጊዜ ጊታሩን ከኤሌክትሪክ ይነቅለዋል። ሳልጠይቀው ነው። ያለ ኤሌክትሪክ ድምፁ በጣም ትንሽ ነው፤ ጆሮውን እንጨቱ ላይ አስደግፎ ይጫወታል። ለእኔ ብሎ መሆኑን አውቃለሁ። አንድም ቀን ግን አላመሰገንኩትም።

የማወራላችሁ ነገር የሆነው በነቢያት ጾም ነው። ብሔራዊ ውትድርና ከታወጀ በኋላ ባሉት ዓመታት ውስጥ። ጋሽ መርዕድ ለመጀመሪያ ጊዜ ረጅም ፊልም አግኝቶ ነበር። ውኃ የጠፋበት መንደር ሰዎች ጉድጓድ ይቆፍራሉ፤ ይቆፍራሉ፤ በመጨረሻ ውኃው ይወጣል። ፊልሙን የሚያሠራው መሥሪያ ቤት ሥራውን ከወደደው ዮናስን በቋሚነት ሊቀጥረው ነው። ስቱዲዮ የተፈቀደላቸው ለአንድ ቀን ብቻ ነበር፤ ቅዳሜ፣ ከገብርኤል በዓል ሁለት ቀን በኋላ።

ለውኃው መውጫ ዮናስ አንድ ድምፅ ፈልጎ አግኝቶ ነበር። አንዷን ክር መትቶ ያስረዝማታል። አትቋረጥም፤ ቀስ እያለች ትወጣለች። ያለ ኤሌክትሪክ ደግሞ ቶሎ ትሞታለች። “ጾሙ ሲፈታ ትሰሚያታለሽ” አለኝ። እኔም “እሺ” ብዬ ስፌቴን ቀጠልኩ።

ለበዓሉ አምስት ቀን ሲቀረው የጊታር ክር ሊገዛ ወጣ። አልተመለሰም። ከቀትር በኋላ ጎረቤቴ አስካለ ነጠላዋ መሬት እየጠረገ መጣች።

“ብርነሽ! ኦሎምፒያ ላይ አፈሳ ነው። ዮናስን ጭነውታል፤ በዓይኔ አይቻለሁ።”

አብረን ወደ ቀበሌው አዳራሽ ሮጥን። አጥሩ ሥር እናቶች ተደርድረዋል። በቆርቆሮው ክፍተት ልጄን አየሁት። ከብዙ ወጣቶች ጋር መሬት ላይ ተቀምጧል። ሲያየኝ ተነሥቶ ተጠጋ።

“እማዬ፣ አታልቅሺ። ስሚኝ። ለጋሽ መርዕድ ንገሪው። ዛሬውኑ።”

“እሱ ምን ያደርጋል፣ ልጄ?”

“አንቺ ብቻ ንገሪው። ሐሙስ ነው የሚጭኑን።”

ዘበኛው፣ “ዞር በሉ እናንተ! ሠርግ መሰላችሁ?” ብሎ አባረረን።

መንገድ ላይ አስካለ፣ “የፊልሙ ሰውዬ ቤት የት ነው?” አለችኝ።

“ኦሎምፒያን አለፍ ብሎ ነው፤ ቮልሱ ሁልጊዜ በሩ ላይ ትቆማለች። ግን የዝንብ ፊልም የሚሠራ ሰው ምን ሥልጣን አለው ብለሽ ነው?” አልኳት። እኔ ወደ ቤተ ክርስቲያን ሄድኩ።

ከአውሮፕላን ማረፊያው በስተምሥራቅ፣ ያኔ እርሻ የነበረውን ሜዳ ተሻግሮ፣ አንድ ትንሽ የገብርኤል ቤተ ክርስቲያን ነበር። በሩን ተሳልሜ ተደፋሁ። “ገብርኤል ሆይ፣ ልጄን አውጣልኝ። ካወጣህልኝ ያንን ጊታር በደጅህ አኖራለሁ” አልኩ።

እውነቱን ልናገር። ሌላ የምሳለው ጠፍቶ አልነበረም። የአንገት ወርቅ ነበረኝ። ስፌት መኪናዬ ነበረች። ጊታሩን የመረጥኩት ልጄም እንዲመጣ፣ ጊታሩም እንዲሄድ ብዬ ነው። ሁለቱን በአንድ ጸሎት ለመንኩ። ያኔ ይህንን ለራሴም አልነገርኩትም።

በማግሥቱ፣ በሦስተኛውም ቀን ስንቅ ይዤ አጥሩ ሥር ዋልኩ። ዮናስ፣ “ነገርሽው?” እያለ በዓይኑ ይጠይቀኛል። እኔ ራሴን ነቅነቅ አደርጋለሁ። አልነገርኩትም ማለቴም አልነበረም፤ ነግሬዋለሁ ማለቴም አልነበረም። ዝም ማለት ይቀናኛል።

ሐሙስ ሊጭኗቸው ነው፤ ረቡዕ፣ የበዓሉ ዋዜማ ዕለት፣ ከቀትር በኋላ በሬ ተንኳኳ። ስከፍት ዮናስ ነው። ጢሙ አድጓል፣ ልብሱ ይሸታል። እግሩ ላይ ወደቅሁ።

“ተይ እንጂ፣ እማዬ!” አለና አነሣኝ። “ነገ ሁሉንም እነግርሻለሁ። ልተኛ።”

እኔም ምን እንደሚነግረኝ አልጠየቅኩም። የማውቅ መስሎኝ ነበር።

በማግሥቱ ሲነጋ እሱ እንደተኛ ነው። ጊታሩን ከግድግዳው ላይ አወረድኩ። በአንሶላ ጠቀለልኩት። በሩ ላይ ስደርስ ዞር ብዬ አየሁት፤ አፉን ከፍቶ እንደ ሕፃን ተኝቷል። ብቀሰቅሰው ኖሮ ነገሩ ሌላ ይሆን ነበር። እንቅልፉን አልረብሸው ብዬ ነው ብዬ ለራሴ ነገርኩት።

ሜዳው ላይ ነጭ የለበሰ ሕዝብ ይጎርፋል። አንዲት ሴት አጠገቤ ደርሳ፣ “በገና ነው፣ እናቴ?” አለችኝ። ዝም አልኳት። “በገና ይሆናል” አለችና እጇን አንሶላው ላይ አሳርፋ ግንባሯን ነካች።

የስለት ዕቃ የሚቀበሉት መምሬ ጥላሁን የሚባሉ ሽማግሌ ቄስ ነበሩ። ድንኳኑ ሥር ጥላ፣ ምንጣፍ፣ ጧፍ፣ ሁለት በግ አለ። አንሶላውን ስገልጠው ቄሱ ቀና ብለው አዩኝ።

“ይሄ የማን ነው፣ ልጄ?”

“የቤቴ ነው፣ አባቴ።”

“ያንቺ ነው?”

“የቤቴ ነው” አልኩ ደግሜ።

“ስለት ከራስ ነው የሚሰጠው። ይህንን ታውቂያለሽ” አሉ።

“አውቃለሁ፣ አባቴ።”

ተቀበሉኝ። ከታቦቱ መግባት በኋላ የስለቱ ዕቃ ለጨረታ ወጣ። አጫራቹ ጊታሩን ከፍ አድርጎ ያዘ። “ለገብርኤል የገባ፣ የፈረንጅ ክራር!”

ሕዝቡ ሳቀ። አንዱ ከኋላ፣ “ይዘፍናል ወይስ ይቀድሳል?” አለ።

“አንተ ከዘፈንክበት ይዘፍናል፣ ከዘመርክበት ይዘምራል” አለው አጫራቹ።

የቆዳ ጃኬት የለበሰ የከባድ መኪና ሹፌር እጁን አነሣ። ለበረከት ብሎ ወሰደው። በጭነት መኪናው ጋቢና ውስጥ፣ መቀመጫው ላይ በጥንቃቄ ሲያጋድመው አየሁ። መኪናው አቧራውን አስነሥቶ ሄደ። እኔ ከጫንቃዬ ሸክም የወረደ ያህል ቀለለኝ። ጸበል በጠርሙስ ቀድቼ፣ ዝማሬ እያንጎራጎርኩ ተመለስኩ።

በራችን ላይ ቮልሷ ቆማለች። ስገባ ጋሽ መርዕድ ወንበር ላይ ተቀምጧል። ዮናስ ቆሞ ግድግዳው ላይ የቀረውን ሚስማር ያያል።

“እማዬ፣ ጊታሬን አየሽው?”

“ለገብርኤል ሰጠሁት” አልኩ። “ስለት ነበረብኝ። ስላወጣህ።”

ጋሽ መርዕድ ቀስ ብሎ ከኪሱ የታጠፈ ወረቀት አወጣ።

“ወይዘሮ ብርነሽ፣ እሁድ ጠዋት እትዬ አስካለ ቤቴ መጡ። ጎረቤት ሁሉ እየጠየቁ፣ ቮልሷን በር ላይ አይተው አገኙኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ከመሥሪያ ቤቱ ቀበሌ፣ ከቀበሌ መሥሪያ ቤቱ ስመላለስ ነበር። ‘ይህ ልጅ ከነጊታሩ ካልመጣ ፊልሙ ድዳ ነው’ ብዬ ነው ያስፈታሁት። ይኸው ተጽፏል። ፊልሙ እስኪያልቅ ነው የለቀቁት። ቋሚ ሠራተኛ ከሆነ ደግሞ ጨርሶ አይነኩትም።”

ወረቀቱን አነበብኩት። ሁለት ጊዜ።

“ያወጣውማ ገብርኤል ነው” አልኩ። ድምፄ ግን ለራሴም ደከመብኝ።

“እኔ መቼ አይደለም አልኩ?” አለ ጋሽ መርዕድ። “በጊታሩ በኩል ነው ያወጣው እንጂ።”

ወንበር ስቤ ተቀመጥኩ። ልጄ ለጋሽ መርዕድ ንገሪ ያለኝን አልነገርኩም። የነገረችው አስካለ ናት። መልአኩ ጸሎቴን የሰማበትን እጅ እኔ በአንሶላ ጠቅልዬ ጨረታ ላይ አውጥቼዋለሁ።

“ተነሡ፣ እንሂድ!” አለ ጋሽ መርዕድ። ሦስታችን በቮልሷ ወደ ቤተ ክርስቲያኑ በረርን። ሕዝቡ ተበትኗል። መምሬ ጥላሁን ብቻቸውን ድንኳኑን ያስነቅላሉ። መዝገቡን ገልጠው በጣታቸው ተከተሉ።

“ይኸው። የፈረንጅ ክራር፤ ወልደ ገብርኤል።”

“ወልደ ገብርኤል ማን?” አለ ጋሽ መርዕድ። “አባቱስ? ከየት ነው?”

“እኛ የምንጽፈው የክርስትና ስም ነው፣ ልጄ። ዛሬ ብቻ ስንት ወልደ ገብርኤል እንደጻፍኩ እይ” አሉና መዝገቡን አዞሩለት። ገጹ ሙሉ ነበር።

ከዚያ ዓይናቸውን ወደ ዮናስ መለሱ። “ልጄ፣ ጊታሩ ያንተ ነበር?”

እኔ መሬት መሬት አየሁ። እናንተ አንባቢዎቼ፣ ያንን ቅጽበት እስከ ዛሬ አልጨረስኩትም። “አዎ፣ የእኔ ነው፤ አባቴ ሰጥቶኝ ነው” ቢል እውነት ነበር። ቄሱ ፊት ውሸታም መሆኔ ይገለጥ ነበር።

“የቤታችን ነው፣ አባቴ” አለ ዮናስ።

የእኔኑ ቃል ነው የተናገረው። ማን እንደነገረው አላውቅም። ቄሱ እሱን አዩ፣ ከዚያ እኔን። መዝገቡን ዘጉ። “እግዚአብሔር እንደ ልብህ ይስጥህ” አሉት።

ሹፌሩን በየነዳጅ ማደያው ጠየቅን። ያየው የለም።

ዓርብ ዕለት ዮናስ ከድሮ የባንድ ጓደኛው ጊታር ተውሶ መጣ። ኤሌክትሪክ የሌለው፣ አንገቱ የተጣመመ። ቀኑን ሙሉ ሲሞክር ዋለ። ያቺን የምትረዝመውን ድምፅ ደጋግሞ ይመታታል፤ ወዲያው ትሞታለች። እኔ መስፋት አቃተኝ፤ ቢሆንም እጄ ሥራ እንዲይዝ ብዬ መኪናዬን እዘውራለሁ። ድንገት መጫወቱን አቆመ። በሩ ላይ መጥቶ ቆመ።

“እማዬ፣ ቀስ አድርገሽ ዘውሪያት እስቲ።”

ዘወርኩ።

“አሁን ፈጠን አድርጊ። አሁን አቁሚ። ቁፋሮ ነው የምትመስለው።” መቃኑን ተደገፈ። “ስፌት መኪናሽን ለነገ ታውሺኛለሽ? ያንቺ ናት። እምቢ ካልሽም ምንም አይደለም።”

ያለቀስኩት ያኔ ነው። ሲታሠር አልቅሼ ነበር፤ ይሄኛው ግን ሌላ ልቅሶ ነበር። ልጄ የእኔን ዕቃ ለአንድ ቀን ሊወስድ ጠየቀኝ።

ቅዳሜ እኔም አብሬ ሄድኩ። ስቱዲዮ ውስጥ፣ ግድግዳው በምንጣፍ በተሸፈነ ክፍል፣ መኪናዬ ፊት ማይክሮፎን አቆሙ። ዮናስ ራሱን ሲነቀንቅልኝ እዘውራለሁ፤ እጁን ሲያነሣ አቆማለሁ። ሰዎቹ ይቆፍራሉ። ጋሽ መርዕድ በሩጫ ሰዓቱ ይቆጥራል። ውኃው የሚወጣበት ቦታ ሲደርስ ዮናስ ያቺን ክር መታት። ጥቂት ቆየች፣ ሞተች። እንደገና መታት። ሦስተኛው ላይ ጋሽ መርዕድ መነጽሩን አወለቀና፣ “ይሁን” አለ።

ፊልሙ ተቀባይነት አገኘ። ቁፋሮው ሁሉንም ገረማቸው፤ በምን እንደተሠራ የገመተ የለም። የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ ግን፣ “መጨረሻው ደረቅ ነው” አለና ቋሚ ቅጥሩ ቀረ። ጋሽ መርዕድ አልተወውም። አንድ ፊልም ሲያልቅ ሌላ ያመጣለታል፤ ከእያንዳንዱ ጋር ውትድርናውን የሚያዘገይ አንድ ወረቀት። ስለ ወባ፣ ስለ ችግኝ፣ ስለ ንብ። ልጄ ለዓመታት በተዋሰው ጊታር እየሠራ ከፊልም ወደ ፊልም ኖረ። አንዱ አልቆ ሌላው እስኪጀመር እኔ እንቅልፍ አልነበረኝም። ያ መንግሥት እስኪወድቅ እንዲህ አለፈ። የአስካለ ልጅ ግን በሌላ አፈሳ ሄዶ አልተመለሰም። ለእሱ የሚሮጥ ጋሽ መርዕድ አልነበረውም። ስለ ልጄ መትረፍ ሳመሰግን የእሷን ቤት አስባለሁ፤ ምስጋናዬም ለዚያ ነው ጮክ የማይለው።

ያንን ፊልም በአንድ አዳራሽ ሲያሳዩ ሄጄ አይቻለሁ። ውኃው ሲወጣ ሕዝቡ አጨበጨበ። ምን እንደጎደለ የምናውቀው ሦስት ሰዎች ብቻ ነበርን። ያቺን ድምፅ በሙሉ ኃይሏ አንድም ቀን ሳልሰማት ቀረሁ። “ጾሙ ሲፈታ ትሰሚያታለሽ” ብሎኝ ነበር።

ስለት የምትሳሉ እናቶች፣ ተሳሉ። እኔም ዛሬም እሳላለሁ፤ ይደርስልኛልም። የምለምናችሁ አንድ ነገር ነው። የምትሰጡት የራሳችሁ ይሁን። ልጃችሁ የተኛ ከሆነ ቀስቅሱት። እኔ ቁጥብ ሰው ነኝ፤ ዝምታዬን ሰው ሁሉ ያመሰግንልኝ ነበር። ልጄን የጎዳሁት ግን ክፉ ቃል ተናግሬ አይደለም። ሦስት ቦታ ላይ መናገር ሲገባኝ ዝም ብዬ ነው።

በየዓመቱ ለታኅሣሥ ገብርኤል የጨረታው ድንኳን ሥር እቆማለሁ። አንዳንድ ሰው ለበረከት የወሰደውን ዘመናት ቆይቶ መልሶ ያስገባል። ጠርዙ የተላጠ ቀይ ነገር እፈልጋለሁ። አጫራቹ “ወልደ ገብርኤል” ብሎ በጠራ ቁጥር ዞር እላለሁ።

ዮናስ አሁን ፀጉሩ ሸብቷል። ጊታር አለው፤ ልጆች ያስተምርበታል። ግድግዳ ላይ ግን ሰቅሎት አያውቅም። ስፌት መኪናዬን ከሰጠሁት ብዙ ዓመት ሆነ። “ያንተ ናት፣ ውሰዳት” ብዬዋለሁ፤ እሺ ብሎ እኔው ጋ ተዋት። አንዳንዴ ለሥራው ድምፅ ሲፈልግ ይመጣል፤ በሩ ላይ ይቆማል።

“እማዬ” ይላል፣ “ላንሣት?”